ልጅን ከአርበኛ ቅድመ አያቱ ጋር ማስተዋወቅ፦ ከሳንዱቁ እስከ ደብተሩ

ልጄ አሥር ዓመት በሞላት ሰሞን ከትምህርት ቤት መጥታ ቦርሳዋን ሳታወርድ፣ «ቅድመ አያቴ አርበኛ ነበሩ ወይስ እንዲሁ ሰው?» አለችኝ። አርበኛ ነበሩ አልኳት፣ በኩራት። «ምን ሠሩ?» ስትለኝ ግን አፌ ተያዘ። ከልጅነቴ ጀምሮ ስሰማው የኖርኩት አንድ ዐረፍተ ነገር ብቻ ነበር፦ «ከራስ አበበ አረጋይ ጋር ማይጨው ዘምተዋል።» እሱም ኋላ እንደምታዩት ልክ አልነበረም።

ከዚያ ወዲህ አንድ ዓመት ገደማ አብረን ስንጠይቅና ስንፈልግ የተማርነውን ነው እዚህ የምጽፈው። በዋናነት ስለ አምስቱ ዓመት፣ ማለትም ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ስለነበረው የጣሊያን ወረራ ነው። አያታቸው ኮሪያ ለዘመቱ ልጆችም በስተመጨረሻ ጥቂት እላለሁ። የሚያስፈልጋችሁ አንድ ደብተር፣ እርሳስ፣ ስልክና ትዕግሥት ነው። ደብተሩን የሚይዘው ልጁ ይሁን። እናንተ ከያዛችሁት ልጁ ተመልካች ሆኖ ይቀራል፤ ሁለት ሳምንት ሳይሞላም ይሰለቻል።

አንድ ሕግ ከመጀመሪያው ገጽ ጀምሮ ይኑር። በደብተሩ ላይ ከሚሰፍር ከእያንዳንዱ ነገር አጠገብ ልጁ አንዲት ፊደል ይጻፍ፦ በዓይኑ ላየው ዕቃ ወይም ወረቀት «አ»፣ ከሰው አፍ ለሰማው «ሰ»፣ ራሱ ለገመተው «ገ»። አየሁ፣ ሰማሁ፣ ገመትኩ። ትንሽ ነገር ትመስላለች፤ ግን ከዚህ በታች ያለው ሁሉ በእሷ ላይ ነው የቆመው።

አንደኛ፦ ዕድሜ አስሉ

በ1928 ሃያ ዓመት የሞላው ሰው የተወለደው በ1908 ነው። ከዛሬ የአሥር ዓመት ልጅ ጋር መቶ ዓመት ያህል ይራራቃሉ፤ ስለዚህ አብዛኛውን ጊዜ የምንፈልገው አያትን ሳይሆን ቅድመ አያትን ነው። ስሌቱን ልጁ ራሱ ይሥራው። ቤተሰብ ውስጥ «አድዋ የዘመቱት አያታችን» የሚባሉ ሰው ካሉ ደግሞ የበለጠ ይጠቅማል። የአድዋ ጦርነት የካቲት 23 ቀን 1888 ነው። በዚያን ጊዜ ሃያ ዓመት የነበራቸው ሰው በ1868 ተወልደዋል ማለት ነው። የመጨረሻ ልጃቸውን በ1942 ከወለዱ በሰባ አራት ዓመታቸው ነው። አይሆንም አይባልም፤ ግን ምናልባት አድዋ የዘመቱት የእሳቸው አባት ይሆኑና ሁለት ትውልድ በአንድ ሰው ላይ ተደርቦ ይሆናል። ይህ ዓይነቱ መደራረብ በየቤቱ አለ። ውሸት አይደለም፣ ታሪክ ከአፍ ወደ አፍ ሲሄድ የሚያመጣው ነው።

ከዚህ ስሌት ሌላም ነገር ይወጣል። ጦርነቱን በዓይናቸው አይተው የሚያስታውሱ ሰዎች ዛሬ ከጥቂቶች በቀር የሉም። የምትፈልጉት ሰው እንግዲህ «ከሰሙት ሁሉ በዕድሜ የገፋው ማነው?» በሚለው ጥያቄ የሚገኘው ነው። እኛ ዘንድ የአባቴ አክስት ናቸው። ሰማንያውን አልፈዋል፤ የተወለዱት ጣሊያን ሊወጣ ሲል ነው፤ ጦርነቱን አያውቁትም፤ እናታቸውን ግን ያውቃሉ። ሁላችንም እማማ ነው የምንላቸው።

ሁለተኛ፦ ከዕቃ ጀምሩ

ልጅ «ጀግንነት» የሚለውን ቃል መጨበጥ አይችልም፤ ጎራዴ ግን ይጨብጣል። ስለዚህ ቤት ውስጥ፣ ገጠር ካለው ዘመድ ዘንድም ምን እንደተረፈ ጠይቁ። ሜዳይ፣ ፎቶግራፍ፣ የጋሻ ቁራጭ፣ ካባ፣ ማኅተም ያለበት ወረቀት፣ የዝናር ቀበቶ። ብዙ ሰው የሚዘነጋው ዳዊቱን ነው። በብራናም ሆነ በወረቀት የተጻፈ የቤተሰብ ዳዊት ካለ ባዶ ቅጠሎቹንና ጠርዞቹን በጥንቃቄ ግለጡ፤ የልደት፣ የክርስትና፣ የሞት፣ አንዳንዴም የዕዳ ማስታወሻ የሚጻፈው እዚያ ነበር።

ዕቃውን ከመንካታችሁ በፊት፦

ሜዳይ በሎሚ፣ በአመድ ወይም በብረት መወልወያ አይጸዳም። ጥቁረቱ ዕድሜው ነው፤ ከጠፋ አይመለስም፤ የተቀረጸው ጽሑፍም አብሮ ይሳሳል። በደረቀ ንጹሕ እጅ ጠርዙን ይዞ ማየት ይበቃል።

የተቀደደ ፎቶ በፕላስተር አይጠገንም፣ ላሚኔትም አይደረግም። ከመስኮት አጠገብ፣ ፀሐይ በቀጥታ በማያርፍበት ጠረጴዛ ላይ አድርጋችሁ ያለ ፍላሽ በስልክ አንሱት። ጀርባውንም አንሱ። የፎቶ ጀርባ ከፊቱ ይልቅ ብዙ ጊዜ ይናገራል፦ የፎቶ ቤቱ ማኅተም፣ ዓመት፣ «ለውድ ወንድሜ» የሚል መታሰቢያ።

አሮጌ ውጅግራ ወይም ምንሽር ከተገኘ ልጁ አይነካውም። ጥይት ሊኖርበት ይችላል፤ ይዞታውም ሕግ አለው። አዋቂ ይየው፣ ፎቶ ይነሣ፣ ይብቃ።

ከነጻነት በኋላ ለአርበኛም ለስደተኛም ሜዳይ ተሰጥቷል፤ የተለያዩ ናቸው። በኬንያ፣ በሱዳን ወይም በጅቡቲ በስደት የቆየ ሰው ሜዳይ ይዛችሁ «ጫካ ነበሩ» እንዳትሉ ጽሑፉን አንብቡት። ስደትም የራሱ ታሪክ ነው።

እኛ ቤት የተገኘው ሜዳይ አልነበረም። የበቅሎ ልጓም ነው። ልጄ ቅር አላት፤ እኔም ሳልደብቅ ልናገር፣ ቅር ብሎኛል። ዋናው ፍንጭ ግን እሱ ሆኖ ተገኘ።

ሦስተኛ፦ ጥያቄውን አሳንሱ

«እስቲ ስለ ጦርነቱ ይንገሩኝ» ያለ ሰው የሚያገኘው የትምህርት ቤት መጽሐፍ ላይ ያለውን ነው። ሽማግሌው ከሬዲዮ የሰሙትን መልሰው ይነግሯችኋል። ልጅ ደግሞ በተፈጥሮው ትናንሽ ነገር ነው የሚጠይቀው፤ ተዉት ይጠይቅ። ልጄ ይዛ ከሄደቻቸው ጥያቄዎች መልስ ያስገኙት እነዚህ ናቸው፦

ሲሄዱ ምን ለብሰው ነበር? ጫማ ነበራቸው?
ስንቁን ማን አዘጋጀ? ሲያልቅስ?
በቅሎ ነበራቸው? ስሟ ማን ነበር?
ዝናብ ሲመጣ የት ያድሩ ነበር?
እሳቸው ሲሄዱ ማሳውን ማን አረሰ?
የማን ጭፍራ ነበሩ?

የመጨረሻዋን አደራ አትርሱ። በዚያ ዘመን ሰው የሚታወቀው በአለቃው ነው። የጦር ክፍል ቁጥር የለም፤ የሰው ስም ነው ያለው። የአለቃው ስም ከተገኘ አገሩም፣ ዓመቱም፣ የተዋጉበት ቦታም ቀስ በቀስ ይከተላል።

ስለ ሴቶቹ ካልጠየቃችሁ ማንም አይነግራችሁም። ወይዘሮ ሸዋረገድ ገድሌን፣ ባላቸው ደጃዝማች አበራ ካሣ ከተገደሉ በኋላ ጦር የመሩትን ወይዘሮ ከበደች ስዩምን ሰው ያውቃል። የናንተ ቅድመ አያት ግን ምናልባት ሌሊት እህል ፈጭተው በጀርባቸው አዝለው ጫካ ያደረሱ ይሆናል፤ ጣሊያን በያዘው ከተማ ተቀምጠው ጥይትና ወሬ የሚያቀብሉትን «የውስጥ አርበኛ» ይሏቸው ነበር። ልጁ «የቅድመ አያቴ ሚስትስ?» ብሎ ይጠይቅ።

አራተኛ፦ ቡናውና ስልኩ

ሰዓቱን ከዕድሜ ባለጸጋው ጋር አስተካክሉ፤ ከምሳ በኋላ ያለው ሰዓት የእንቅልፍ ነው። ልጁ ጉልበት ስሞ፣ «እርስዎ» እያለ ይናገር፤ ይህን ቤት ሳላችሁ አለማምዱት። ውጭ አገር ያደጉ ልጆች «አንቺ» ሲሉ እማማዎቹ ባይቆጡም ወሬያቸው ያጥራል።

በአቦሉ ላይ ስለ ጤናና ስለ ዘመድ ይወራ። ስልኩን በቶናው ላይ አውጡና ፈቃድ ጠይቁ፦ «እንዳይጠፋ ድምፅዎን ልቅዳው?» አብዛኞቹ እሺ ይላሉ፤ እንቢ ካሉ ይጻፍ። ኔትወርኩን አጥፉ፣ ስልኩን ትራስ ወይም የታጠፈ ነጠላ ላይ አስቀምጡ። ጠረጴዛ ላይ ከሆነ የሲኒው ኳኳታ ድምፁን ይውጠዋል። ልጁ መጀመሪያ ቀኑን፣ ቦታውንና የተናጋሪውን ስም በድምፁ ይናገር። አንድ ሰዓት ይበቃል። ጀበናው ሲያልቅ ያበቃል።

ትልቁ እንቅፋት ሽማግሌዎቹ አይደሉም፤ አጎት ነው። በየቤቱ አንድ «አይደለም፣ እንዲህ ነው» የሚል አጎት አለ። እማማ ሊያስታውሱ ሲሉ ይቀድማቸዋል፤ እሳቸውም «አዎን፣ እንዳለው ነው» ብለው ይተዉታል። እኛ መፍትሔ ያገኘነው ለእሱ የራሱን ቀጠሮ በመስጠት ነው። «ጋሼ፣ ያንተን እሑድ ለብቻው እንቀዳለን» ሲባል ተከብሮ ዝም አለ።

ዝምታ ሲመጣ አትሙሉት። እማማ ስለ በቅሎዋ ተጠይቀው ሁለት ደቂቃ ያህል ፍሙን ሲቆሰቁሱ ቆዩ። ከዚያ «ተዋጊ አልነበረም እኮ መጀመሪያ» አሉ። «ጫኝ ነበር። ማይጨው የሄደው ስንቅ ጭኖ ነው።» ልጓሙ ከዚያች በቅሎ ነበር።

ቀረርቶ፣ ፉከራ ወይም ሙሾ የሚያውቁ ከሆነ ለምኗቸው። ፎካሪ ራሱን በአባቱ ስም ይጠራል፣ በፈረሱ ይጠራል፣ የዋለበትን ቦታ ይናገራል፤ አልቃሽም የሟቹን አገርና አሟሟት በግጥሟ ታኖራለች። ልጁ ቀረጻውን መልሶ እየሰማ የሰው፣ የቦታና የመሣሪያ ስም ሁሉ ላይ እርሳሱን ያክብብ። ፉከራ ማጋነን የሚፈቀድለት ጥበብ ስለሆነ ገደልኩ የሚለውን ቁጥር እንዳለ አትመኑት፤ የቦታውን ስም ግን ከቁጥሩ የበለጠ እመኑት።

አምስተኛ፦ ስም አንድ አይደለም

ልጁ ቅድመ አያቱን በአንድ ስም ከፈለገ አያገኛቸውም። የዓለም ስም አለ፣ የክርስትና ስም አለ፣ የፈረስ ስም አለ፣ ባላምባራስ፣ ግራዝማች፣ ቀኛዝማች እያለ የሚሄድ ማዕረግ አለ። ማዕረጉ በየጊዜው ያድጋል፤ በ1929 ባላምባራስ የነበረ ሰው በ1934 በሌላ ማዕረግ ይጻፋል። ለእያንዳንዱ አንድ መስመር ያለው ገጽ ይዘጋጅ።

ልጆች የፈረስ ስም ይወዳሉ። ዐፄ ምኒልክ አባ ዳኘው፣ ራስ አሉላ አባ ነጋ፣ ደጃዝማች ባልቻ አባ ነፍሶ፣ በላይ ዘለቀ አባ ኮስትር። ራስ መኰንን አባ ቃኘው ነበሩ፤ ኮሪያ የዘመተው ሻለቃ ስሙን ያገኘው ከእሳቸው ፈረስ ነው። ይህን ስትሰማ ልጄ ለራሷ ብስክሌት ስም አወጣች። ምን እንደሆነ እንድናገር አልፈቀደችም።

ስድስተኛ፦ ዘመኑን ፍቱ

ሽማግሌ «በ1929» ብሎ አይነግራችሁም። «ጣሊያን ከገባ በሁለተኛው ክረምት» ይላል። እዚህ ላይ «የት ሲገባ?» ብላችሁ መልሱ። ጣሊያን ወረራውን የጀመረው መስከረም 22 ቀን 1928 በትግራይ በኩል ነው፤ አዲስ አበባ የገባው ሚያዝያ 27 ቀን 1928፤ ጎሬ የደረሰው ግን ኅዳር 1929 ነው። ስለዚህ ለአዲስ አበባ ሰው ሁለተኛው ክረምት የ1929 ክረምት ነው፤ ለጎሬ ሰው የ1930።

ሁለተኛው ቁልፍ ወንጌላውያኑ ናቸው። ዓመተ ምሕረቱን ለአራት አካፍሉ፤ አንድ ከተረፈ ማቴዎስ፣ ሁለት ማርቆስ፣ ሦስት ሉቃስ፣ ምንም ካልተረፈ ዮሐንስ። ስለዚህ 1928 ዮሐንስ፣ 1929 ማቴዎስ፣ 1930 ማርቆስ፣ 1931 ሉቃስ፣ 1932 ዮሐንስ፣ 1933 እንደገና ማቴዎስ ነው። የአራተኛ ክፍል ሂሳብ ነው፤ ልጁ ከእናንተ ፈጥኖ ይሠራዋል።

እማማ «በዘመነ ማቴዎስ፣ ሚካኤልን አንግሦ ጫካ ገባ» አሉ። ልጄ አካፈለች፦ ወይ 1929 ወይ 1933። በ1933 ሚያዝያ 27 ንጉሠ ነገሥቱ አዲስ አበባ ተመልሰው ነጻነት ሆኗል፤ ስለዚህ 1929 ይሻላል። የትኛው ሚካኤል? የኅዳር 12 ወይስ የሰኔ 12? ደውላ ጠየቀቻቸው። «አጨዳ ላይ ነው፤ ማጭዱን ጥሎ ነው የሄደ» አሏት። ኅዳር 1929። ስልኩን ዘግታ ቤቱን በጩኸት አናወጠችው። ቀኑን ስትጽፈው ግን አጠገቡ «ገ» አኖረች፤ ወሩና ዓመቱ ተሰልቶ የተገኘ እንጂ የተነገረ አይደለምና። እኔ ይህን አላስታወስኳትም፣ ራሷ ናት።

የውጭ ሰነድ ላይ ያለን ቀን ለማዛመድ፣ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ገደማ በእኛ ዓመት ላይ ሰባት ዓመት፣ ከዚያ እስከ ጳጉሜን ስምንት ዓመት ይጨመራል፤ ከፈረንጁ ወደ እኛ ሲሆን ይቀነሳል። በየካቲት 1937 በፈረንጅ የተጻፈው የእኛ የካቲት 1929 ነው።

ሰባተኛ፦ የሰማችሁትን ከታወቀው ጋር አስተያዩ

አሁን ወደ እኔ አንድ ዐረፍተ ነገር እንመለስ። የማይጨው ጦርነት መጋቢት 22 ቀን 1928 ነው። አበበ አረጋይ በዚያን ጊዜ ገና ራስ አልነበሩም፤ ባላምባራስ ሆነው የአዲስ አበባ ፖሊስ ኃላፊ ነበሩ። ወደ በረሃ የወጡት ጣሊያን ከተማዋን ከያዘ በኋላ ነው። «ከራስ አበበ ጋር ማይጨው» የሚባል ነገር ስለዚህ ሊኖር አይችልም። ሁለት ታሪክ ነው የተሰፋው፦ መጀመሪያ ስንቅ ጭነው ማይጨው ሄዱ፣ ተመለሱ፤ ከዚያ ከስምንት ወር በኋላ ማጭዳቸውን ጥለው መንዝ ውስጥ ከራስ አበበ ሰዎች ጋር ሆኑ። ሁለቱም እውነት ነው፣ መጋጠሚያው ብቻ ነው የጠፋው።

የእናንተን ለማስተያየት ካርታ ዘርጉና የአለቃውን አገር ፈልጉ። ሸዋ ከሆነ ራስ አበበ አረጋይ፤ ጎጃም ከሆነ በላይ ዘለቀ፣ መንገሻ ጀምበሬ፣ ነጋሽ በዛብህ፤ በጌምድር ከሆነ አሞራው የተባሉት ውብነህ ተሰማ፤ በጅማና በአካባቢው ገረሱ ዱኪ፤ ወለጋ ከሆነ የሆለታ ምሩቃን ያሉበት የጥቁር አንበሳ ጦር። እነዚህ የታወቁት ናቸው፤ በየወንዙ ደግሞ የጎበዝ አለቃ ነበረ።

ወረቀት ፍለጋ ሲመጣ ብዙ ተስፋ ለልጁ አትስጡ። የጥንታዊት ኢትዮጵያ ጀግኖች አርበኞች ማኅበር አለ፤ ወመዘክር (ብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት) አለ፤ ስድስት ኪሎ ዩኒቨርሲቲው ግቢ፣ በቀድሞው ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም አለ። ከመሄዳችሁ በፊት ደውላችሁ ምን ደብዳቤና መታወቂያ እንደሚጠይቁ አጣሩ። እኛ አንድ ቢሮ ሦስት ጊዜ ተመላልሰን «ኃላፊው ስብሰባ ናቸው» ተብለናል፤ ልጄ በሦስተኛው ቀን «ስብሰባ» የሚለውንም ደብተሯ ላይ «ሰ» ብላ ጻፈችው። ተስፋ የሚሰጠው የግል ወረቀት ነው፦ የሜዳይ ምስክር ወረቀት፣ ከነጻነት በኋላ ለአርበኞች የተሰጠ መሬት ሰነድ፣ የአጥቢያው ቤተ ክርስቲያን መዝገብ።

ጋዜጣም ተመልከቱ፤ ግን አዲስ ዘመን የጀመረው ግንቦት 30 ቀን 1933 ስለሆነ ስለ ጫካው ዘመን የዕለት ወሬ አታገኙበትም። በወረራው ዘመን ይታተም የነበረው «የቄሣር መንግሥት መልእክተኛ» የጣሊያን ልሳን ነው። አርበኛውን ሽፍታ ነው የሚለው። ልጁ ቅድመ አያቱ «ሽፍታ» ተብለው ሊጻፉ እንደሚችሉ ሲገባው፣ ማን ጻፈው ብሎ መጠየቅ ይጀምራል።

በጣሊያን የሉቼ ተቋምና በእንግሊዝ የኢምፔሪያል ጦርነት ሙዚየም የዘመኑን ፎቶዎች ኢንተርኔት ላይ አኑረዋል። መጀመሪያ እናንተ ብቻችሁን እዩ። ከዘመኑ ፎቶዎች መካከል የተሰቀሉ ሰዎች አሉ፤ ልጅ አጠገብ ተቀምጦ የሚከፈት ነገር አይደለም።

ስምንተኛ፦ የሚከብደው ሲመጣ

ይመጣል። የመርዝ ጋዙ ይመጣል፣ የየካቲት 12ቱ ጭፍጨፋ ይመጣል፣ ደብረ ሊባኖስ ይመጣል፣ የዳናኔና የኖኩራ እስር ቤት ይመጣል። ለአሥር ዓመት ልጅ የምነግረው እንዲህ ነው፦ የሆነውን በአጭር እውነተኛ ቃል እናገራለሁ፣ ዝርዝሩን አልሥልም፣ ከዚያ እሷ የጠየቀችውን ብቻ እመልሳለሁ። «አውሮፕላን መርዝ ረጨ፤ ሰውም ከብትም አቃጠለ» ይበቃል። «ያማል?» ካለች «አዎን፣ በጣም» ነው መልሱ። ማታ ከመኝታ በፊት ግን አይሆንም።

ከዚህ የሚብሰው ባንዳው ነው። በአንድ ቤት አንዱ ወንድም ጫካ፣ ሌላው ከጣሊያን ጋር የሆነበት ጊዜ ነበር። ስትቆፍሩ ይህ ቢወጣ አትሸፍኑት፤ ልጁም ዘመድ መሃል ቆሞ እንዳይለፈልፈው ግን አስጠንቅቁት፤ ቁስሉ ያልደረቀ ቤት አለ። በቂም የሚነገረውንም ተጠንቀቁ፦ «እነ እገሌ ባንዳ ነበሩ» የሚለው ወሬ አንዳንዴ የመሬት ክርክር ልጅ ነው። እንዲህ ያለ ነገር በአንድ ሰው ቃል ብቻ ደብተር ላይ አይሰፍርም። እኛ ሁለት ምስክር ካላገኘን አንጽፍም ብለናል፤ እስካሁንም አንድ ነገር ሳንጽፈው ተቀምጧል።

ዘጠነኛ፦ በእጅ ሥሩ፣ በእግር ሂዱ

በሶ አብራችሁ ሥሩ። ገብሱ ይታመሳል፣ ይፈጫል፣ በትንሽ ጨውና ውኃ ይለወሳል፣ እየተጨበጠ ይበላል። ቅቤና በርበሬ ቢገባ ይጣፍጣል፤ መጀመሪያ ግን ያለ ቅቤ ይቅመሰው። «በዚህ ስንት ቀን ይኬዳል?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም። ኮሮጆ ውስጥ ሞልታችሁ መዝኑት፤ አንድ ሰው በቀን የሚበላውን ገምቱ፤ በቅሎ የምትጭነውን ገምቱ። ሁሉም «ገ» ነው፤ ግን ስንቅ ጫኝ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ልጄ የገባት ያን ቀን ነው። ከዚያ ወዲህ «ዝም ብሎ ጫኝ» ብላ አታውቅም።

ከጉብኝት አንድ ቦታ በአንድ ቀን። አዲስ አበባ ያለ ልጅ ስድስት ኪሎ የሰማዕታት ሐውልት ዘንድ ይሂድና የተቀረጸውን ምስል እየዞረ ይይ፤ ወይም ሚያዝያ 27 ቀን አራት ኪሎ አርበኞቹና ልጆቻቸው በሚሰበሰቡበት ሰዓት ይገኝ። ለማየት ብቻ ሳይሆን ለመጠየቅ የሚመቸው ያ ቀን ነው፤ ጎፈር ያደረገ ሽማግሌ ልጅ ሲጠይቀው እንቢ አይልም። ማተሚያ ቤት የማይደርስ ታሪክ በዚያች ጠዋት ይነገራል። መቃብሩ ገጠር ከሆነ መንገዱ ሰላም መሆኑን አስቀድማችሁ ጠይቁ፤ ለቤተ ክርስቲያኑ ጧፍና ዕጣን ያዙ፤ የደብሩን አለቃ ሳታናግሩ ድንጋይ አታገላብጡ።

አያታቸው ኮሪያ ለዘመቱ

ለእናንተ ሥራው ይቀላል፤ ዘመቻው ወረቀት አለው፣ ፎቶ አለው። የመጀመሪያው የቃኘው ሻለቃ በሚያዝያ 1943 በሌተና ኮሎኔል ተሾመ እርገቱ አዛዥነት በጅቡቲ በኩል በመርከብ ሄደ፤ በአሜሪካው 7ኛ እግረኛ ክፍለ ጦር ሥር ተዋጋ። በጠቅላላው በሺዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያን ዘምተዋል፤ ከ120 በላይ ሞተዋል፣ 536 ቆስለዋል፣ አንድም የተማረከ የለም። አፍንጮ በር ያለው የኮሪያ ዘማቾች መታሰቢያ ላይ የሞቱት ስም አለ፤ በኮሪያም ቹንቾን ከተማ የኢትዮጵያ ዘማቾች መታሰቢያ ቆሟል። እዚህ መጀመሪያ የሚጠየቀው «የስንተኛው ቃኘው ነበሩ?» ነው። ያ ከታወቀ ዓመቱም የተዋጉበት ኮረብታም ይከተላል።

ዲሲ፣ ስቶክሆልም ወይም ዱባይ ያላችሁ

የሰዓት ልዩነቱን አስቡና በቪዲዮ ሳይሆን በድምፅ ብቻ ደውሉ፤ ቪዲዮ ሲሆን ሽማግሌው ፊቱን ማስተካከል ይጀምራል። ልጁ አማርኛው ከደከመ ሦስት ጥያቄ ብቻ በቃሉ ይያዝ፤ ሲመለስለት ባይገባውም «እሺ እማማ» እያለ ይስማ፤ ቀረጻውን ኋላ አብራችሁ ተርጉሙት። እናንተ መሃል ገብታችሁ እያስተረጎማችሁ አታቋርጡ። አገር ቤት ያለ የአጎት ልጅ ካለ ደግሞ ሁለቱን አጣምሯቸው፦ አንዱ ይጠይቃል፣ ሌላው ይጽፋል።

አሥረኛ፦ ደብተሩን መልሳችሁ አንብቡ

ተጽፎ ሲያልቅ ልጁ ለተናጋሪው ጮክ ብሎ ያንብብላቸው። ያርሙታል፤ የረሱትንም ያስታውሳሉ። ለሰው እንዳይታይ የሚሉት ካለ በዚያን ጊዜ ይንገሩ፣ ይሰረዝ። ድምፁን ቢያንስ በሦስት ቦታ አስቀምጡ፦ በስልክ፣ በፍላሽ፣ በሌላ ዘመድ እጅ። ስልክ ይሰረቃል።

ደብተሩ መጨረሻ ላይ ጥቂት ገጽ ባዶ ተዉ። ልጄ በቅሎዋን ስትሥል ቀለሟን የሚያውቅ ስላልተገኘ በጥቁር ቀብታ አጠገቧ «ገ» ጽፋ ነበር። ባለፈው ፋሲካ ከመንዝ የመጡ አንድ ዘመድ ሥዕሏን አይተው፣ «ምነው፣ ዳለቻ አልነበረች እንዴ?» አሏት። ልጄ ላጲስ ፈለገች፤ «ገ»ን አጥፍታ «ሰ» ጻፈች፤ ጥቁሩን ቀለም ማጥፋት ግን ስላልቻለች በቅሎዋን ባዶው ገጽ ላይ እንደገና ሣለቻት።